ጁገልን ከሚያህል አገር ጀምሮ፦ የትንንሽ አገሮች የጥያቄና መልስ ምሽት አዘገጃጀት

የጥያቄና መልስ ውድድር ብዙ ጊዜ የሚሞተው በዋና ከተማ ጥያቄ ነው። ጠያቂው «የእገሌ አገር ዋና ከተማ ማን ይባላል?» ይላል፤ የሸመደደ ይመልሳል፣ ያልሸመደደ ዝም ይላል። ከአሥር ጥያቄ በኋላ ግማሹ ተሰብሳቢ ስልኩን መነካካት ይጀምራል። ጥፋቱ የተወዳዳሪው አይደለም። እንዲህ ያለው ጥያቄ ወይ ይታወቃል ወይ አይታወቅም፤ ቡድን ተቀምጦ የሚመክርበት፣ የሚከራከርበት፣ ተሳስቶም የሚስቅበት ነገር የለውም።

ትንንሽ አገሮች ለዚህ ሁነኛ መድኃኒት ናቸው። እያንዳንዳቸው አንድ እንግዳ ነገር አላቸው፤ እንግዳው ነገርም ምክንያት አለው። ምክንያቱ ደግሞ ያልሸመደደ ሰው አስቦ ሊደርስበት የሚችል ነው። ይህ መመሪያ ሐረር ወይም ድሬዳዋ ውስጥ ሃያ ያህል ሰው ሰብስቦ፣ በአራት ቡድን ከፍሎ፣ አንድ ምሽት ማሳለፍ ለሚፈልግ የሰፈር ወጣት፣ የትምህርት ቤት ክበብ ወይም ቤተሰብ የተጻፈ ነው።

አንደኛ፦ «ትንሽ» የሚባለው የትኛው እንደሆነ ወስኑ

ይህ ሳይወሰን ጥያቄ መጻፍ ከተጀመረ መጨረሻው ጭቅጭቅ ነው። አንዱ በቆዳ ስፋት ያስባል፣ ሌላው በሕዝብ ብዛት። አይስላንድ ሕዝቧ አራት መቶ ሺህ ገደማ ቢሆንም ስፋቷ ከ100 ሺህ ካሬ ኪሎ ሜትር ይበልጣል። ሲንጋፖር ደግሞ ስድስት ሚሊዮን ገደማ ሰው ይዛ ስፋቷ 750 ካሬ ኪሎ ሜትር አይሞላም። ሁለቱንም «ትንሽ» ማለት ይቻላል፤ በአንድ ምሽት ግን አንዱን ብቻ ያዙ።

እኔ የምመክረው ስፋትን ይዛችሁ ልኩን ጅቡቲ ላይ እንድትቆርጡት ነው፦ 23,200 ካሬ ኪሎ ሜትር። በዚህ አካባቢ ጅቡቲን የማያውቅ ሰው የለም፤ ዘመድ ያለው አለ፣ ነግዶ የተመለሰ አለ። «ከጅቡቲ ያልበለጠ አገር» ሲባል ሁሉም ስለ ምን እንደሚወራ ይገባዋል። በዚህ ልክ እስዋቲኒ፣ ጋምቢያ፣ ጃማይካ፣ ቆጵሮስ፣ ሊባኖስና ኳታር ይገባሉ፤ ሩዋንዳ፣ ቡሩንዲና ሌሶቶ ይቀራሉ። ሌሶቶ መቅረቷ ያስቆጫል፤ ዙሪያዋን በደቡብ አፍሪካ ተከብባ፣ ዝቅተኛ ቦታዋ እንኳ ከባሕር ጠለል በላይ 1,400 ሜትር የሆነ አገር ለጥያቄ ተብሎ የተፈጠረ ይመስላል። ነገር ግን አንዴ ለሌሶቶ በሩ ከተከፈተ ሌላው ለቤልጅየም መከራከሩ አይቀርም።

ሁለተኛው ውሳኔ «አገር» የሚባለው ማን ነው የሚለው ነው። የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት 193 አባላት አሉት፤ በታዛቢነት የሚቀመጡት ደግሞ ሁለት ናቸው፤ ቅድስት መንበር፣ ማለትም ቫቲካን፣ እና ፍልስጤም። ከዚህ ዝርዝር አትውጡ። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ሐርጌሳ የሚመላለስ ነጋዴ ወይም እዚያ የተዳረች እህት ያለችው ሰው በክፍሉ ውስጥ አይጠፋም። ሶማሌላንድ ነጻነቷን ካወጀችበት ከ1991 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ያለው የእውቅና ክርክር አንዴ ከተነሳ ምሽቱን ሙሉ ይበላዋል። ደንቡን በትልቁ ጽፋችሁ ግድግዳ ላይ ለጥፉ፤ የጨዋታ ደንብ እንጂ የፖለቲካ አቋም አለመሆኑንም ከሥሩ አክሉበት።

ሁለተኛ፦ መለኪያችሁን ከደጃችሁ ውሰዱ

«0.44 ካሬ ኪሎ ሜትር» ብሎ መናገር ለማንም ምንም አይነግርም። ሐረር ላይ ግን የተዘጋጀ መለኪያ አለ። በ2006 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት የተመዘገበው ጁገል፣ በግንብ የታጠረው አሮጌው የሐረር ከተማ፣ 48 ሄክታር ያህል ነው፤ ቫቲካን ደግሞ 44 ሄክታር ገደማ ናት። በሸዋ በር ገብቶ በኤረር በር የወጣ ሰው የዓለምን ትንሿን አገር ከዳር እስከ ዳር ያቋረጠ ያህል ተጉዟል ማለት ነው። ሁለቱም በግንብ የታጠሩ መሆናቸው ነገሩን ያሳምረዋል። ሞናኮ ሁለት ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ስለሆነች አራት ጁገል ትሆናለች። ማልታ 316 ካሬ ኪሎ ሜትር ናት፤ የሐረሪ ክልል ስፋትም ከ300 ካሬ ኪሎ ሜትር ጥቂት ከፍ የሚል ስለሆነ ማልታን ለማሰብ ክልሉን ማሰብ ይበቃል።

ድሬዳዋ ላይ የምታዘጋጁ ከሆነ የከተማ አስተዳደሩን ከነገጠሩ ውሰዱ። ከ1,200 ካሬ ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ስለዚህ «ሲንጋፖር ትሰፋለች ወይስ ድሬዳዋ?» ብሎ መጠየቅ ይቻላል። ብዙ ሰው ሲንጋፖር ይላል፤ ሀብትና ስፋት በአእምሮ ውስጥ ይቀላቀላሉ።

እግረ መንገዳችሁን ለሐረር ለራሷም ካርድ አዘጋጁላት። የሐረር አሚርነት በ1647 እ.ኤ.አ. ከተመሠረተበት ጊዜ አንሥቶ የራሱ ገዥ፣ የራሱ ንግድ፣ የራሱ ገንዘብ የነበረው ትንሽ መንግሥት ነበር። ግብፆች ከ1875 እስከ 1885 እ.ኤ.አ. ያዙት፤ ከዚያም በ1879 ዓ.ም. ከጨለንቆ ጦርነት በኋላ በዳግማዊ ምኒልክ ግዛት ሥር ገባ። ምሽቱን በዚህ ብትከፍቱት ትንሽ መንግሥት ማለት ምን እንደሆነ ሰው ከራሱ ታሪክ ይጀምራል።

ሦስተኛ፦ ለአንድ አገር አንድ ካርድ ጻፉ

ካርዱ ከወፍራም ካርቶን የተቆረጠ ቢሆን ይመረጣል። አራት መስመር ይበቃዋል፦ የት እንደሚገኝና ጎረቤቶቹ፤ ማን ይገዛው እንደነበረና መቼ ነጻ እንደወጣ፤ እንግዳ ነገሩ፤ የእንግዳ ነገሩ ምክንያት። ስፋትን በእስክሪብቶ፣ የሕዝብ ብዛትን በእርሳስ ጻፉ፤ ሁለተኛው በየዓመቱ ይቀየራል። አራተኛው መስመር ባዶ የቀረበት ካርድ ለዚህ ምሽት አያገለግልም፤ አስቀምጡት።

ናውሩን እንውሰድ። ከምድር ወገብ በስተ ደቡብ ጥቂት ወረድ ብላ በሰላማዊ ውቅያኖስ ውስጥ ያለች 21 ካሬ ኪሎ ሜትር ደሴት ናት። መጀመሪያ ጀርመን፣ ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ አውስትራሊያ፣ ብሪታንያና ኒውዚላንድ በጋራ አስተዳደሯት፤ ጥር 31 ቀን 1968 እ.ኤ.አ. ነጻ ወጣች። እንግዳ ነገሯ፦ በይፋ የተሰየመ ዋና ከተማ የላትም፤ የመንግሥት መሥሪያ ቤቶቹ ያረን በሚባል ወረዳ ናቸው። ይህ ግን ገና ግማሹ ነው። ሕዝቡ የሚኖረው ከሞላ ጎደል በባሕሩ ዳርቻ ዙሪያ ብቻ ነው፤ መሀሉ ባዶ ነው። ለምን? መሀሉ ለማዳበሪያ የሚሆን ፎስፌት ነበር፤ ከ20ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ ጀምሮ ተቆፍሮ በመርከብ ተጫነ፤ የቀረው የተሸረሸረ የድንጋይ ጉብታ ነው። በ1970ዎቹ ናውሩ በነፍስ ወከፍ ገቢ ከዓለም ሀብታም አገሮች መካከል ነበረች፤ ፎስፌቱ ሲመናመን ሀብቱም አብሮ ሄደ። በ1989 እ.ኤ.አ. አውስትራሊያን በዓለም አቀፉ ፍርድ ቤት ከሰሰች፤ ጉዳዩ በ1993 በስምምነት አለቀ።

አሁን ከዚህ ካርድ ሊወጣ የሚችለውን ጥያቄ ተመልከቱ። «የናውሩ ዋና ከተማ ማን ነው?» ደካማ ጥያቄ ነው፤ መልሱም አጨቃጫቂ ነው። «ናውሩ ላይ ሰው የሚኖረው በደሴቲቱ ዙሪያ ብቻ ነው፤ መሀሉ ምን ሆኖ ባዶ ቀረ?» የሚለው ግን አራት ቡድን ያነጋግራል። አንዱ እሳተ ገሞራ ይላል፣ አንዱ ጫካ፣ አንዱ የጦር ሰፈር። ማዕድን የሚል ቡድን እስኪመጣ ድረስ ክፍሉ ሞቅ ይላል።

ሃያ አምስት ያህል ካርድ ይበቃል። ከዚያ በላይ የሚሰበስብ ሰው አብዛኛውን ጊዜ መጻፉን ይወዳል እንጂ ውድድሩን አያዘጋጅም።

አራተኛ፦ ጥያቄውን ከምክንያቱ ተነሥታችሁ ጻፉ፤ ሁለት ፍንጭም አክሉበት

ለእያንዳንዱ ጥያቄ ሁለት ፍንጭ አዘጋጁ። ያለ ፍንጭ የመለሰ ሦስት ነጥብ፣ ከመጀመሪያው ፍንጭ በኋላ የመለሰ ሁለት፣ ከሁለተኛው በኋላ የመለሰ አንድ ያገኛል። ፍንጩ መልሱን የሚያሾልክ ሳይሆን ወደ ምክንያቱ የሚያስጠጋ ይሁን።

ሐረር ላይ ከሁሉ የበለጠ ሰው የሚይዘው የሳሞአ ጥያቄ ነው። ሳሞአ በ2011 እ.ኤ.አ. ከካሌንደሯ ላይ አንድ ሙሉ ቀን ሰረዘች፤ ታኅሣሥ 29 ተኝተው ታኅሣሥ 31 ነቁ። የዓለም አቀፉን የቀን መስመር ተሻግራ ወደ አውስትራሊያና ኒውዚላንድ ቀን ስለገባች ነው። ንግዷ በአብዛኛው ከእነርሱ ጋር ነበር፤ እርሷ ዓርብ ስትሠራ እነርሱ ቅዳሜ ላይ ነበሩ፣ እርሷ እሑድ ስታርፍ እነርሱ ሰኞ ሥራ ጀምረዋል። ጥያቄው «አንድ አገር አንድን ቀን ከካሌንደሩ ለመሰረዝ ምን ያነሳሳዋል?» ይሁን። የመጀመሪያው ፍንጭ «ከጎረቤቶቹ ጋር ይነግዳል»፣ ሁለተኛው «የሥራ ቀናት» ይሁን። መልሱ ከተገኘ በኋላ የተሰረዘው ቀን ዓርብ መሆኑን ስትነግሩ ከተሰብሳቢው መካከል አንዱ «የጁምዓ ሰላትስ?» ማለቱ አይቀርም። ለዚያ ሁለት ደቂቃ ተዉለት።

የዚችው አገር ሌላ ጥያቄ፦ በ2009 እ.ኤ.አ. መኪና የሚነዳበትን የመንገድ ጎን ከቀኝ ወደ ግራ ቀየረች። ምክንያቱ ርካሽ ያገለገለ መኪና ከአውስትራሊያ፣ ከኒውዚላንድና ከጃፓን ለማስገባት ነበር። በሐርጌሳ መንገድ የተመላለሰ ሰው መሪው በቀኝ የሆነ መኪና በቀኝ መንገድ ሲነዳ ስላየ ይህን ቶሎ ይመልሰዋል።

ሁለት አገሮችን የሚያገናኝ ጥያቄ ከአንድ አገር ጥያቄ ይሻላል። የአሻንቲው ንጉሥ ፕሬምፔህ በ1900 እ.ኤ.አ. በእንግሊዞች ተግዞ እስከ 1924 የተቀመጠው፣ የቆጵሮሱ ሊቀ ጳጳስ ማካሪዮስም በ1956 የተጋዙት ወደ አንድ ቦታ ነው። የት? የመጀመሪያው መልስ ሴንት ሄሌና ይሆናል፤ ናፖሊዮንን ሁሉም ያስታውሳል። ፍንጭ አንድ፦ ሕንድ ውቅያኖስ። ፍንጭ ሁለት፦ ዛሬ ሰው ገንዘቡን ከፍሎ የሚሄድባት ደሴት። መልሱ ሲሸልስ ነው። እስከ 1976 እ.ኤ.አ. ድረስ በእንግሊዝ እጅ ነበረች፤ ከየትኛውም አህጉር ርቃ መቀመጧ ለግዞት አመቺ አድርጓታል። ማካሪዮስ ከግዞት ተመልሰው የነጻይቱ ቆጵሮስ የመጀመሪያ ፕሬዚዳንት ሆኑ።

አንዶራ ደግሞ ለታሪክ ወዳጆች ናት። ሁለት መሳፍንት በጋራ ይነግሡባታል፤ አንዱ በስፔን ያለው የኡርጌል ጳጳስ፣ ሌላው የፈረንሳይ ፕሬዚዳንት። ንጉሧን በአብዮት ያስወገደች አገር ፕሬዚዳንት እንዴት የሌላ አገር መስፍን ሊሆን ቻለ? በ1278 እ.ኤ.አ. ጳጳሱና በፈረንሳይ በኩል የነበረው የፎዋ ግዛት ገዥ (ኮንት) ግዛቱን ለመጋራት ተስማሙ፤ የኮንቱ መብት በውርስ ወደ ፈረንሳይ ነገሥታት፣ ከእነርሱም ወደ ርእሰ ብሔሩ ተላለፈ። ይህን ለመጨረሻ ዙር አቆዩት።

ከእኛ ወገን የሚጀምሩ ጥያቄዎች ደግሞ ሳይቀሩ ይግቡ። «የአፍሪካ ዝቅተኛ ቦታ የት ነው?» ሲባል ሰው ሁሉ ዳሎል ይላል፤ መልሱ ግን የጅቡቲው አሳል ሐይቅ ነው፤ ከባሕር ጠለል በታች 155 ሜትር። «ከጅቡቲ የተነሣው ባቡር ሐረርን ትቶ ለምን ሜዳ ላይ ከተማ ቆረቆረ?» የሚለው መልሱ ተራራው ነው፤ ሐዲዱን ወደ ሐረር ማውጣት ከባድና ውድ ስለነበረ መሥመሩ በታች አለፈ፣ ድሬዳዋም በ1902 እ.ኤ.አ. ተወለደች። ይህን ጥያቄ ሐረር ላይ ስታቀርቡ ከቅሬታ፣ ድሬዳዋ ላይ ስታቀርቡ ከጭብጨባ አታመልጡም። ለጃማይካ ደግሞ፦ «ከሐረር አቅራቢያ በኤጀርሳ ጎሮ የተወለደ ሰው ሚያዝያ 13 ቀን 1958 ዓ.ም. የረገጣት፣ ቀኑንም የራስ ተፈሪ እምነት ተከታዮች እስከ ዛሬ የሚያከብሩባት ደሴት ማን ናት?» ሐረር ላይ ይህን የሚስት ቡድን ካለ ጥያቄው ሳይሆን ቡድኑ ነው ከባድ የሚሆነው። ቫቲካንም ከእኛ ጋር ትገናኛለች፤ በግንቧ ውስጥ የኢትዮጵያውያን ጳጳሳዊ ኮሌጅ አለ።

ለተማሪዎች ውድድር የሳይንስ ጥያቄ ከፈለጋችሁ ሳኦ ቶሜና ፕሪንሲፔን አትለፉ። ግንቦት 29 ቀን 1919 እ.ኤ.አ. እንግሊዛዊው የሥነ ፈለክ ሊቅ አርተር ኤዲንግተን የፀሐይ ግርዶሽ ለመመልከት ወደ ፕሪንሲፔ ደሴት ሄደ፤ የከዋክብት ብርሃን በፀሐይ አጠገብ ሲያልፍ መታጠፉን ለክቶ የአይንስታይንን ሐሳብ ደገፈ። «ለምን እዚያ ድረስ?» በሉ፤ ግርዶሹ ሙሉ ሆኖ የሚታየው በጠባብ መሥመር ላይ ስለሆነ ነው።

አምስተኛ፦ አጣሩ

አንድ መልስ በሁለት የተለያዩ ምንጮች ካልተገኘ ጥያቄው አይግባ። ሁለት ድረ ገጾች አንዱ ከሌላው ቀድተው ከሆነ እንደ አንድ ይቆጠራሉ።

ከምንም በላይ የምታስቸግረው የዓመተ ምሕረት ነገር ናት። ጅቡቲ ነጻ የወጣችው ሰኔ 27 ቀን 1977 እ.ኤ.አ. ነው፤ በእኛ ሰኔ 20 ቀን 1969 ዓ.ም.። ወሩ ሰኔ ሆኖ ቀኑ መለያየቱ ብቻ ሰው ያደናግራል። ከፈረንጆች ጥር እስከ መስከረም መጀመሪያ ባለው ጊዜ ስምንት ዓመት ቀንሱ፤ ከእንቁጣጣሽ እስከ ፈረንጆቹ ታኅሣሥ መጨረሻ ሰባት። ቱቫሉ በፈረንጆቹ ጥቅምት 1 ቀን 1978 ነጻ ስለወጣች በእኛ 1971 ይሆናል እንጂ 1970 አይደለም። የቀን ጥያቄ ከሆነ በየትኛው አቆጣጠር እንደምትጠይቁ በጥያቄው ውስጥ ይነበብ፤ መልሱን ግን በሁለቱም ተቀበሉ።

«ትንሿ»፣ «የመጀመሪያዋ»፣ «ብቸኛዋ» የሚሉ ቃላትን ስታዩ ተጠንቀቁ። የአፍሪካ ትንሿ አገር ማን ናት? ደሴቶችን ካካተታችሁ ሲሸልስ፣ በዋናው የአህጉሩ ምድር ላይ ካሉት ከሆነ ጋምቢያ። ጥያቄው ይህን ካልለየ ሁለት ቡድን ትክክል ሆኖ ሁለቱም ይጮሃል።

የሚጥሙ ታሪኮችም ይጣሩ። ጋምቢያ በወንዟ ግራና ቀኝ የተዘረጋች ቀጭን ሰቅ ናት፤ ከባሕሩ በቀር ዙሪያዋን ሴኔጋል ናት። «የእንግሊዝ መርከብ በወንዙ እየሄደ መድፍ ተኮሰ፣ ጥይቱ የወደቀበት ሁሉ ድንበር ሆነ» የሚል ተረት አለ። ጨዋታ ያሳምራል፤ ድንበሩ ግን በ1889 እ.ኤ.አ. እንግሊዝና ፈረንሳይ ጠረጴዛ ላይ የተስማሙበት ነው። ተረቱን ከመልሱ በኋላ እንደ ተረት ንገሩት።

የቤተ መጻሕፍቱን አትላስ ከተጠቀማችሁ መጀመሪያ ዕድሜውን እዩ። ምሥራቅ ቲሞር የኢንዶኔዥያ አካል ሆና ከተሳለች ከ2002 እ.ኤ.አ. በፊት የታተመ ነው። ስዋዚላንድ ከሚል ደግሞ ከ2018 በፊት ነው፤ ዛሬ እስዋቲኒ ናት። ባርቤዶስም እስከ ኅዳር 2021 ድረስ ርእሰ ብሔሯ የእንግሊዝ ንግሥት ነበረች፤ ከዚያ ወዲህ ሪፐብሊክ ናት።

ስድስተኛ፦ የሰንደቅ ዓላማውን ዙር በእጅ ሳሉት

በቀለም ማሳተም ወጪ ነው፤ ደግሞም አያስፈልግም። የሰፈር ልጆችን ሰብስባችሁ በከለር እንዲስሉ አድርጉ፤ ለእነርሱም ሥራ፣ ለእናንተም ቁጠባ። የናውሩ በጣም ቀላል ነው፤ ሰማያዊ መደብ፣ በመሀሉ ቀጭን ቢጫ መሥመር፣ ከመሥመሩ በታች በግራ በኩል ባለ አሥራ ሁለት ጫፍ ነጭ ኮከብ። ልጆቹ ኮከቡን ከመሥመሩ በላይ እንዳያደርጉት ተቆጣጠሩ፤ ጥያቄው ያ ነውና። መሥመሩ የምድር ወገብ ነው፤ ኮከቡ ደሴቲቱ ናት፤ ከወገቡ ጥቂት ወደ ደቡብ ስለምትገኝ ከሥር ተቀመጠች። ካርታውን አንብቦ የሚመልስ ቡድን ሦስቱን ነጥብ ይውሰድ።

የባሕሬን ባንዲራ አምስት የተሾሉ ጫፎች አሉት፤ አምስቱን የእስልምና መሠረቶች ያመለክታሉ። የግሬናዳ ላይ ገውዝ ተስሏል፤ አገሪቱ የምትታወቅበት ምርቷ ነው። የማልታው ላይ ያለው መስቀል የሃይማኖት ሳይሆን ንጉሥ ጆርጅ ስድስተኛ በ1942 እ.ኤ.አ. ለደሴቲቱ ሕዝብ ጀግንነት የሰጡት ሜዳልያ ነው። የሞናኮን ስታሳዩ ግማሹ ሰው ኢንዶኔዥያ ይላል፤ ሁለቱም ከላይ ቀይ ከታች ነጭ ስለሆኑ ሁለቱንም መልስ ተቀበሉ። ከዚያ የሊችተንስታይንን ታሪክ አስከትሉ፦ በ1936ቱ የበርሊን ኦሎምፒክ ባንዲራዋ ከሄይቲ ባንዲራ ጋር አንድ ዓይነት ሆኖ ተገኘ፤ በዓመቱ አክሊል ጨመረችበት።

ሰባተኛ፦ ምሽቱን ምሩ

ከዒሻ ሰላት በኋላ፣ ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ገደማ ጥሩ ጊዜ ነው። በበርጫ ሰዓት አታድርጉት። ጫት የያዘ ሰው ዕውቀት አያንሰውም፤ አጭር መልስ ግን አይመልስም። የማልዲቭስ ሚኒስትሮች በ2009 እ.ኤ.አ. የመተንፈሻ መሣሪያ አድርገው ባሕር ውስጥ ተሰብስበው እንደነበር ብትጠይቁት ስለ አየር ንብረት ለውጥ አንድ ሰዓት ያስረዳችኋል።

በሐረሪ ቤት ውስጥ ከሆነ ነደባዎቹ፣ ማለትም ከፍና ዝቅ ብለው የተሠሩት መቀመጫዎች፣ ለውድድር የተሠሩ ያህል ይመቻሉ፤ አንድ ቡድን በአንድ ነደባ፣ ጠያቂው ከታች። ከፍ ያለውን ግን ለቡድን አትመድቡ፤ ለታላላቆች ነው፤ እነርሱን ዳኛ አድርጓቸው። ስልኮች ይሰብሰቡ። ለዚህ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ስፌት አታውርዱ፤ የቤቱ እመቤት ጌጥ ነው፤ የገበያ ዘንቢል ይበቃል። መብራት የሚጠፋበት ምሽት ስላለ ጥያቄዎቹ በወረቀት ላይ ይሁኑ፤ የእጅ ባትሪ አዘጋጁ፤ ነጥቡን በካርቶን ላይ በወፍራም ማርከር መዝግቡ።

ሃያ አራት ጥያቄ በሦስት ዙር ይበቃል። አንዱ ጥያቄ ከምክክሩና ከማብራሪያው ጋር ሦስት ደቂቃ ያህል ስለሚወስድ ከአንድ ሰዓት ጥቂት አለፍ ይላል። የመጀመሪያው ዙር የስፋትና የካርታ፣ ሁለተኛው የሰንደቅ ዓላማ፣ ሦስተኛው የ«ለምን» ይሁን። በሁለተኛውና በሦስተኛው መካከል ሻይና ኦቾሎኒ ይቅረብ። ጥያቄው በአማርኛ ቢነበብም ቡድኑ በሐረሪ፣ በኦሮምኛ ወይም በሶማሊኛ የሰጠውን መልስ ተቀበሉ፤ የአገር ስም አጠራር በየቋንቋው ስለሚለያይ በሆሄ አትጣሉ።

ክርክር ሲነሣ ዳኛው መልሱን ከነምንጩ የያዘውን ወረቀት ያነባል። ወረቀቱ ራሱ ስህተት ሆኖ ከተገኘ ጥያቄው ይሰረዛል፤ ለማንም ነጥብ አይሰጥም፣ ከማንም አይቀነስም። ዳኛው ከወሰነ በኋላ ግን ወደ ኋላ መመለስ የለም። ለአሸናፊው አንድ ኪሎ የሐረር ቡና በቂ ሽልማት ነው፤ ገንዘብ አታድርጉ፣ ክርክሩ ይከፋል።

ሁለት ቡድን እኩል ነጥብ ይዞ ከጨረሰ የማጣሪያው ጥያቄ የግምት ይሁን፤ የቀረበ ያሸንፋል። «ማልታ ስንት ናውሩ ትሆናለች?» ብሎ መጠየቅ በቂ ነው። ሁለቱም ስፋቶች በምሽቱ ስለተነገሩ ያዳመጠ ያሰላዋል፤ 316 ለ21 ሲካፈል 15 ያህል ነው። መልሱ በወረቀት ተጽፎ በአንድ ጊዜ ይገለጥ። ሁለቱም ተመሳሳይ ቁጥር ከጻፉ ቡናው ለሁለት ይከፈል።